የተሳቢ ባለሙያ ያለህ

[ሳሎን። ጠረጴዛው ላይ ክዳን ያለው የመስታወት ሣጥን አለ። ሣጥኑ ውስጥ፣ በረጠበ ሰጋቱራ ላይ፣ አንድ እባብ ተጠቅልሎ ተኝቷል። ሁለት ወንድማማቾች ጎንበስ ብለው ያዩታል፤ ታላቅየው፣ ጋሼ፣ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሏል፤ ታናሽየው፣ ሾፌሩ፣ ሁለት እጁን ኪሱ ውስጥ ከቷል።]

ጋሼ፦ እባብ አንገት የለውም አልኩህ። ጭንቅላት አለው፤ ከዚያ ወዲያ ያለው በሙሉ ጅራት ነው።

ሾፌሩ፦ ልጄ ግን ወረቀቱ ላይ «ከአንገቱ ዝቅ ብለህ ያዘው» ብላ ጽፋለች።

ጋሼ፦ ልጅህ የሒሳብ አስተማሪ ናት። አንገት ማለት በጭንቅላትና በትከሻ መካከል ያለው ነው። ትከሻው የታለ?

ሾፌሩ፦ [ሣጥኑን ዞሮ አይቶ] ተኝቶበት ይሆናል።

ጋሼ፦ ትከሻ የሌለው አንገት የለውም። አለቀ።

ሾፌሩ፦ እሺ፣ ሁሉም ጅራት ከሆነ የበላውን የት ነው የሚያስቀምጠው?

ጋሼ፦ ጅራቱ ውስጥ።

ሾፌሩ፦ ሆዱስ?

ጋሼ፦ ሆድ የምትለው የጅራቱ የታችኛው ገጽ ነው።

ሾፌሩ፦ እንግዲያው ያመመው ጅራቱን ነዋ። እኔ ሆዱን መስሎኝ ነበር እንዲህ የጨነቀኝ።

ይህን ሲል ሾፌሩ እውነትም ትንሽ ቀለል ብሎት ነበር። ሠላሳ ዓመት ከባድ መኪና ነድቶ ጡረታ የወጣ፣ ቀስ ብሎ የሚያስብ፣ ያሰበውንም ቀስ ብሎ የሚናገር ሰው ነው። ጥያቄ ሲጠየቅ ዳገት ላይ ማርሽ እንደሚቀይር ሰው መጀመሪያ ጥቂት ዝም ይላል። ብዙ ሰው ያንን ዝምታ ከጅልነት ይቆጥርበታል፤ እሱም ከሰው ጋር መከራከር ስለማይወድ ይቁጠሩት ብሎ ትቶታል።

ታላቅ ወንድሙ ደግሞ ዝም ማለት የሚባል ነገር አልፈጠረበትም። እሱም እንደ ታናሹ ሠላሳ ዓመት ሠርቷል፤ የሠራው ግን በእንስሳት ክሊኒክ ካርድ ክፍል ውስጥ ነው። የታመመ እንስሳ በእጁ ነክቶ አያውቅም። የሁሉንም ካርድ ግን ሲያወጣና ሲያስገባ ስለኖረ፣ በሽታ ሁሉ በእሱ በኩል ያለፈ ይመስለዋል። የሠፈሩ ሰው «ዶክተር» ይለዋል። እሱም «ኧረ ተዉ» እያለ ደስ ይለዋል።

እባቡን ያመጣችው የሾፌሩ ልጅ ናት። ከሦስት ዓመት በፊት አንድ ቀን ከሥራ ስትመለስ፣ የሸክላ ቀለም ያለው፣ መርዝ የሌለው ቀጭን እባብ በትከሻዋ ላይ ጣል አድርጋ ገባች። ስሙንም ሻርፕ አለችው። አባትየው በሩ ላይ እንደቆመ «ወይ እሱ ወይ እኔ» አላት። ልጅቷ አንድ ምሽት አሰበችበትና በነጋታው ቤት ተከራይታ ወጣች። ከዚያ ወዲህ የሚገናኙት በስልክ ነው፤ ደህና ነህ፣ ደህና ነሽ፣ ብርዱ እንዴት ነው፣ እሺ ቻው። ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ቤቱ ውስጥ ከግድግዳ ሰዓቱ በቀር የሚሰማ ነገር አልነበረም።

ባለፈው ወር ልጅቷ ለአንድ ወር ሥልጠና ወደ ሌላ ከተማ ተላከች። እባቡን ትጠብቅልኛለች ያለቻት ጓደኛዋን ባሏ አይሆንም አላት። ስለዚህ ልጅቷ የመስታወት ሣጥኗን አቅፋ አባቷ በር ላይ ቆመችና፣ ዓይኑን ሳታይ፣ «አባዬ፣ ካንተ ሌላ ሰው የለኝም» አለችው። ሾፌሩ ከእባብ ይልቅ ፍሬን የበጠሰ መኪና ይሻለዋል። ግን ሣጥኑን፣ አያያዙን ከጻፈችበት ወረቀት ጋር፣ በሁለት እጁ ተቀበለ።

እስካሁንም በእጁ አልነካውም። ምግቡን ከመሣሪያ ሣጥኑ ባወጣው ፒንሳ ያቀብለው ነበር። በሁለተኛው ሳምንት የእባቡ ቆዳ ሲደበዝዝ ጊዜ ተጨነቀና ታላቅ ወንድሙን ጠራ። ጋሼ በመስታወቱ ውስጥ አንድ ጊዜ አየት አድርጎ ድርቀት ነው አለ። በቀን ሦስት ጊዜ ውኃ እንዲረጭበትም አዘዘ፤ ማዘዝ ብቻ አልበቃው ብሎ የአበባ መርጫ ይዞ እየመጣ ራሱ ይረጭ ጀመር። እንዲህ ሲሉ ዐሥር ቀን ሰነበቱ። አሁን ሣጥኑ ሲከፈት አንድ ደስ የማይል ሽታ ይወጣል፤ በሆዱ ቅርፊቶች ላይም ቀይና ቡናማ ነጠብጣብ ታይቷል፤ ሁለት ቦታ ውኃ ቋጥሯል። ልጅቷ የምትመለሰው ከአራት ቀን በኋላ ነው።

ጋሼ፦ ምላሱን ልየው። አውጣ በለው።

ሾፌሩ፦ ሳይባልም ያወጣል።

ጋሼ፦ [መነጽሩን አውርዶ] ምላሱ ለሁለት ተከፍሏል።

ሾፌሩ፦ ሲመጣም እንደዚያው ነበር።

ጋሼ፦ ትኩሳቱን እንለካ። ቴርሞሜትሩን ብብቱ ስር አድርግለት።

ሾፌሩ፦ ብብት የለውማ፣ ጋሼ።

ጋሼ፦ [ጥቂት አስቦ] ብብት ከሌለው ትኩሳት አይዘውም። አንዱን በሽታ አስወገድን ማለት ነው። ነጠብጣቡ ቡናማ ነው አልክ?

ሾፌሩ፦ ቡናማ፣ ቀላ ያለም አለው።

ጋሼ፦ ማድያት ነው።

ሾፌሩ፦ የልጄ እናት ማድያት የወጣባት ልጅቷን ባረገዘች ጊዜ ነበር።

ጋሼ፦ እንግዲህ አርግዟል።

ሾፌሩ፦ ወንድ ነው። ወረቀቱ ላይ አለ።

ጋሼ፦ ልጅህ ምኑን አይታ ነው ወንድ ያለችው?

ሾፌሩ፦ እንጃ። [አፍንጫውን ወደ ክዳኑ አስጠግቶ] ማድያት ግን ይሸታል እንዴ?

ጋሼ ጉሮሮውን ጠራረገና ነገሩ ልዩ ባለሙያ የሚፈልግ ደረጃ ላይ እንደደረሰ አስታወቀ።

ጋሼ፦ ለተሳቢ ባለሙያ ነው መደወል ያለብን።

ሾፌሩ፦ ለተሳቢ?

ጋሼ፦ ለተሳቢ። የከብት ሐኪም ተሳቢ አያይም። ራሱን የቻለ ሙያ ነው።

ሾፌሩ፦ የተሳቢማ እኔ አንድ ጎበዝ አውቃለሁ። ሃያ ዓመት ሙሉ ሥራዬን ሲያይልኝ ኖሯል።

ጋሼ፦ አንተ? [ከእግር እስከ ራሱ አይቶት] ደውልና ወዲህ ስጠኝ። አንተ ማስረዳት አትችልበትም።

ሾፌሩ ደወለ፤ ሰላምታ ተለዋወጠና ስልኩን ለወንድሙ አቀበለ። ጋሼ ድምፁን ከፍ አድርጎ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠው። ሰውየው ችግሩ ምን እንደሆነ ሲጠይቅ፣ ጋሼ በካርድ ላይ እንደሚጻፍ አድርጎ አስረዳው። ችግሩ ከስር ነው፤ ሆዱ ተበላሽቷል፤ ቡናማ ነጠብጣብ አለው፤ አንዳንድ ቦታ አብጦ ልጡ ሊነሳ ነው። ባለሙያው ምን ላይ እንደቆመ ጠየቀ። ጋሼ እርጥብ ሰጋቱራ ላይ ነው አለው። ውኃውስ ከየት መጣ ሲለው በቀን ሦስት ጊዜ ይረጭበታል አለ።

ሰውየው እንዲህ ያለ ነገር ያዘዘው ማን እንደሆነ ጠየቀ።

ጋሼ ወደ ታናሹ አየት አደረገና፣ «ወንድሜ ነው» አለ።

ሾፌሩ ሰማ።

ባለሙያው ቁጣ እንደቀላቀለ ሰው ቶሎ ቶሎ ይናገር ጀመር። እርጥቡን ነገር ዛሬውኑ አውጡለት፤ ሆዱን በንጹሕ ጨርቅ ጥረጉት፤ አድርቁት፤ አየር ያግኝ፤ በምንም ዓይነት ከላይ ቅባት እንዳትደፈድፉበት፣ ቅባት እርጥቡን ውስጥ ይዞ ያስቀርና ውስጥ ውስጡን ይበላዋል አለ። ጋሼ እያንዳንዱን ቃል «ትክክል» እያለ ተቀበለ። ከዚያ ሰውየው ርዝመቱን ጠየቀ። አንድ ሜትር ተኩል እንደሆነ ሲነገረው ማን እንደቆረጠው ለማወቅ ፈለገ። ጋሼ ተፈጥሮው ነው አለ። እግሮቹስ እንዴት ናቸው ተባለ። ጋሼ እግር የለውም ብሎ መለሰ። ሰውየው ደንግጦ መቼ እንደተሰረቁ ጠየቀ። ይኼኔ ጋሼ የትልቅ ሐኪም ቀልድ መስሎት ከልቡ ሳቀ። ሲሄድ ወደ ጎን ይወላገዳል ወይ ሲለውም፣ ሁልጊዜ እየተወላገደ ነው የሚሄደው፣ ጸባዩ ነው አለ። በመጨረሻ ባለሙያው እንዲህ ያለ ተሳቢ መንገድ ላይ ማውጣት ወንጀል መሆኑን አስጠንቅቆ፣ ሰኞ ይዛችሁት ኑ፣ በክሪክ አንስተን ሆዱን እንበይደዋለን ብሎ ዘጋ።

ጋሼ፦ [ስልኩን በሁለት እጁ እየመለሰ] ብየዳ። በጨረር መሆን አለበት። ይህ ሰው የት ነው የተማረው?

ሾፌሩ፦ ከአባቱ።

ጋሼ፦ አባቱም ሐኪም ነበሩ?

ሾፌሩ፦ ባለጋራዥ ነበሩ።

ጋሼ፦ የምን ጋራዥ?

ሾፌሩ፦ የከባድ መኪና። ተሳቢ ላይ ግን ልጁ አባቱን ያስከነዳል።

[ጋሼ ወንበር ፈልጎ ይቀመጣል።]

ጋሼ፦ አንተ ሰው። እኔ የማወራው ስለ እባብ ነው።

ሾፌሩ፦ እኔም ገርሞኝ ነበር። ወደ ክሊኒክ በተሳቢ ልንወስደው አስበህ ይሆናል ብዬ ነው።

ጋሼ፦ አንድ ሜትር ተኩል እባብ በተሳቢ?

ሾፌሩ፦ ታላቄ ነህ። ምክንያት አይጠፋህም ብዬ ዝም አልኩ።

ጋሼ ፊቱ ቲማቲም መሰለ። ብድግ ብሎ ኮቱን ለበሰና ፍርዱን ሰጠ፤ መካኒክ አድርቁት ካለ ትክክለኛው ማርጠብ ነው፣ መካኒክ ቅባት አትቀቡ ካለ ትክክለኛው ቅባት መቀባት ነው። ሄዶ ቫዝሊን ገዝቶ እስኪመጣ ድረስ ማንም ሰው ሣጥኑን እንዳይነካ አዘዘና በሩን ጎትቶት ወጣ።

ሾፌሩ ብቻውን ቀረ። ሣጥኑ ፊት ተቀምጦ እንደ ልማዱ ቀስ ብሎ አሰበ። የገዛ ተሳቢው ወለል አንድ ክረምት እንዴት እንደበሰበሰ ትዝ አለው። ከላይ ሲያዩት ደህና ነበር፤ የረጠበ ጆንያ የከረመበት ቦታ ብቻ ነበር ከስር ተበልቶ የተገኘው። እባቡንም እንደገና አየው። ጀርባው ደህና ነው። የተበላሸው ሰጋቱራው የነካው ሆዱ ብቻ ነው። ድርቀት ቢሆን ኖሮ ጀርባው አይቀርም ነበር ብሎ አሰበ። ሐኪም አይደለም፤ ስለ እባብም አንድ ነገር አያውቅም። እርጥበት ሲያበላሽ ግን አይቷል።

የልጁን ወረቀት አነበበ። እጁን ታጠበ። ክዳኑን ከፍቶ፣ ዓይኑን ሊጨፍን ትንሽ ሲቀረው፣ አንዱን እጁን ከአንገቱ ዝቅ አድርጎ፣ ሌላውን መሐል ሰውነቱ ስር አስገብቶ አነሳው። ቀዝቃዛና የሚያሙለጨልጭ ነገር ጠብቆ ነበር። እባቡ ግን ለስላሳ፣ ከባድና ጸጥ ያለ ነበር፤ ክንዱ ላይ አንድ ዙር ዞሮ ደክሞት እንደመጣ ሰው ራሱን ጣለበት። ሾፌሩ እንዲሁ እንደያዘው ቆመ። ከዚያ፣ ለማንም ሳይሆን፣ «እሺ፣ እሺ» አለ።

በአንድ እጁ እየሠራ ሰጋቱራውን ጠርጎ አወጣ፤ ሣጥኑን አጥቦ አደረቀ፤ ነጭ የወጥ ቤት ወረቀት ደራርቦ አነጠፈ። የእባቡን ሆድ ሳይፈትግ፣ በንጹሕ ጨርቅ ጫን ጫን እያደረገ አደረቀለትና ከማሞቂያው መብራት ስር መልሶ አስተኛው። ይህን ጨርሶ እጁን በሳሙና ሲታጠብ ጋሼ ሁለት ቆርቆሮ ቫዝሊን ይዞ ገባ።

ጋሼ፦ ሰጋቱራው የት ሄደ?

ሾፌሩ፦ ጣልኩት።

ጋሼ፦ ማን አዘዘህ?

ሾፌሩ፦ ማንም።

ጋሼ፦ [የቆርቆሮውን ክዳን እየፈታ] በል ያዝልኝና ልቀባው።

ሾፌሩ፦ አይሆንም፣ ጋሼ።

በስልሳ ሦስት ዓመት ዕድሜው ለታላቅ ወንድሙ አይሆንም ብሎት አያውቅም። ጋሼም ቃሉ ለእሱ የተባለ ስላልመሰለው ወደ ኋላው ዞሮ አየ። ሌላ ሰው አልነበረም። ሾፌሩ ነገ ጠዋት ወደ ክሊኒክ እንደሚወስደው፣ ሐኪም እስኪያየው ድረስ ግን ማንም ምንም እንደማይቀባው ነገረው፤ ድምፁን አላነሳም።

በነጋታው ሾፌሩ እባቡን በትራስ ልብስ ውስጥ አድርጎ፣ የትራሱን ልብስ በካርቶን ውስጥ አድርጎ፣ በታክሲ ክሊኒክ ወሰደው። ጋሼም ኩርፊያውን እንደያዘ ተከተለ፤ የሐኪም ቋንቋ የሚያስተረጉም ሰው ያስፈልጋል ባይ ነው። ሐኪሟ ወጣት ሴት ነበረች። ሾፌሩ ስለ ውኃውና ስለ መኝታው ነገራት። እባቡን በጓንት አንስታ ገልብጣ አየችው፣ በአጉሊ መነጽር አየችው፣ አሸተተችው። ከዚያ ለሁለቱም አስረዳቻቸው። እባብ ቆዳውን ሊለውጥ ሲል መላ ሰውነቱ ይደበዝዛል፣ ዓይኑም ጭጋግ የለበሰ ይመስላል፤ ይኼ በሽታ አይደለም፣ ገፎ ሲጥለው ያበቃል። ሆድ ሆዱን ብቻ ሲቀላ፣ ሲቋጥርና ሲሸት ግን ቆዳው ተመርዟል ማለት ነው፤ የሚያመጣውም የረጠበና የቆሸሸ መኝታ ነው። ቢቆይ ኖሮ ደሙ ውስጥ ይገባ ነበር አለች። መኝታውን ቀይራችሁ ማድረቃችሁና ምንም አለመቀባታችሁ ግን ትልቅ ነገር ነው፣ ማን ነው የመከራችሁ ብላ ጠየቀች።

ሾፌሩ የተሳቢ ባለሙያ ነው አላት። ሐኪሟ ዓይኗ በራ። በከተማው ውስጥ ተሳቢ የማየው እኔ ብቻ መስሎኝ ነበር፣ ስልኩን ስጡኝ አለች። ሾፌሩ አውጥቶ ሰጣት። ጋሼ ጣሪያውን ያይ ነበር።

ከዚያ ፈገግታዋ ጠፋ። ዐሥር ቀን ሙሉ ውኃ ያስረጨው ማን እንደሆነ ጠየቀች፤ ስትጠይቅም ወደ ሾፌሩ ነበር ያየችው። ሾፌሩ ባርኔጣውን በእጁ አዞረ። ሊናገር እንዳልፈለገ ያስታውቃል። ጋሼ ወንድሙን አየው።

«እኔ ነኝ» አለ ጋሼ። «ያዘዝኩትም የረጨሁትም እኔ ነኝ። ትናንትም ለሰው ወንድሜ ነው ብያለሁ።»

ሐኪሟ ራሷን ነቅንቃ መጻፍ ጀመረች። ሾፌሩ የወንድሙን ጀርባ ሁለት ጊዜ መታ መታ አደረገ።

ኮሪደሩ ላይ ሾፌሩ ለልጁ ደወለ። ሊደብቃት ይችል ነበር፤ ግን ሻርፕ እንደታመመ፣ እንዴት እንደታመመ፣ ሐኪም ምን እንዳለች አንድም ሳያስቀር ነገራት። ልጅቷ ሌላውን ሁሉ አዳምጣ ስትጨርስ የጠየቀችው አንድ ነገር ነው። «አባዬ፣ በእጅህ ያዝከው?»

«ሁለቴ» አላት። «ክንዴ ላይ ተኛ።»

ልጅቷ ሕክምናው እስኪያልቅ ከቦታ ቦታ ባይንቀሳቀስ ይሻላል፣ ስለዚህ እሑድ ስመጣ እዚያው አንተ ጋ አድራለሁ፣ አልጋዬ አለ አይደል አለችው። ሾፌሩ አለ አላት። አልጋው ላይ የከመረውን መለዋወጫ ዛሬውኑ እንደሚያነሳ ለራሱ ተናገረ።

[የክሊኒኩ ኮሪደር፣ ሁለት ሰው የሚያስቀምጥ አግዳሚ። ካርቶኑ በሾፌሩ ጉልበት ላይ ነው። የሐኪሟን ወረቀት አዟዙሮ ያየዋል፤ ጽሑፉ የጉንዳን ሰልፍ ይመስላል። ለጋሼ ያቀብለዋል።]

ሾፌሩ፦ የሐኪም ጽሑፍ አንተ ታውቅበታለህ። እስቲ አንብብልኝ።

ጋሼ፦ [ደስ እያለው መነጽሩን አውርዶ] «በየቀኑ ደረቅ ወረቀት ይቀየርለት። በቀን አንድ ጊዜ፣ ቀጭን ሻይ እስኪመስል በለብ ያለ ውኃ በተበጠበጠ አዮዲን ሆዱ ሃያ ደቂቃ ይዘፍዘፍ። በደንብ ከደረቀ በኋላ የታዘዘው መድኃኒት ስስ ተደርጎ ይቀባ። በዐሥረኛው ቀን ይመለስ።»

ሾፌሩ፦ ይኼው ነው?

ጋሼ፦ ከታች ደግሞ «ከሚከተሉት ይራቅ» ይላል። አንደኛ፣ ከእርጥብ ሰጋቱራ።

ሾፌሩ፦ እሺ።

ጋሼ፦ ሁለተኛ፣ ከቫዝሊን።

ሾፌሩ፦ እሺ። ሦስተኛስ?

[ጋሼ መነጽሩን ያወልቃል። በኮቱ ጫፍ ይጠርገዋል። መልሶ ያደርገዋል።]

ጋሼ፦ እዚህ ላይ አይነበብም።

ሾፌሩ፦ ሞክረው እንጂ። እሑድ ልጄ ስትጠይቀኝ ምን ልበላት?

ጋሼ፦ [ወረቀቱን በአራት አጥፎ እየመለሰለት] ሦስተኛው እኔ ነኝ።